ቅንፍ ሲፈታ የሚጠፋው ማይነስ፦ የአልጀብራ ጥያቄና መልስ ከጎንደር

የሚኒስትሪ ፈተና እየደረሰ ስለሆነ ተማሪዎችም ወላጆችም የጠየቃችሁኝን ዛሬ ሰብሰብ አድርጌ እመልሳለሁ። ትምህርት ቤት ኤክስ እና ዋይ የምትሏቸውን እዚህ ሀ እና ለ ብያቸዋለሁ።

ጥያቄ (የ8ኛ ክፍል ተማሪ፣ ማራኪ)፦ ቲቸር፣ 5ሀ − 2(ሀ − 3)ን ሳቃልል 3ሀ − 6 ይመጣልኛል። የመጽሐፉ መልስ ግን 3ሀ + 6 ነው። መጽሐፉ ተሳስቶ ነው?

መልስ፦ መጽሐፉ ልክ ነው። አንተም እስከ ግማሽ መንገድ ልክ ነበርክ። ሀን ያባዛኸው በ−2 ነው፤ ቀጥሎ ያለውን −3 ግን በ2 ብቻ አባዝተኸው አለፍክ። ማይነሱ የቅንፉ በሙሉ ነው፣ ውስጥ ያለውን ሁሉ ይነካል። −2 × ሀ = −2ሀ፣ −2 × −3 = +6። ስለዚህ 5ሀ − 2ሀ + 6 ይሆናል፤ ሲሰበሰብ 3ሀ + 6። ካላመንክ ሀን 10 አድርገው። ጥያቄው 50 − 2 × 7 = 36 ይሰጣል። 3ሀ + 6ም 36 ነው። ያንተ 24 ሆነ።

ጥያቄ (ራሱ ልጁ)፦ እሺ፣ ግን ማይነስ በማይነስ ለምን ፕላስ ይሆናል?

መልስ፦ ጎበዝ! ብዙዎቻችን «ሕግ ነው» ተብለን ነው ያለፍነው። 2000 ብር ይዘህ ፒያሳ ጫማ ልትገዛ ወጣህ እንበል። ጫማው 1200 ብር ነው፤ ተከራክረህ 200 አስቀነስክ። የቀረህ 2000 − (1200 − 200) ነው፣ ማለትም 1000 ብር። ቅንፉን ፈትተህ 2000 − 1200 − 200 ብለህ ከጻፍክ ግን 600 ብቻ ይቀርሃል። ዋጋ አስቀንሰህ ጭራሽ ጨምረህ ከፈልክ ማለት ነው! ቅናሹ ወደ ኪስህ መመለስ አለበት፤ 2000 − 1200 + 200። የተቀነሰ ነገር ሲቀነስ ይመለሳል።

ጥያቄ (አባት፣ አዘዞ)፦ መምህር፣ ልጄ 4ሀ + 3ለ = 7ሀለ ብላ ትጽፋለች። እኔ ሂሳብ ከተማርኩ ቆይቷል፤ እንዴት ላስረዳት?

መልስ፦ ሀን 2፣ ለን 5 አድርገው በቁጥር ያሠሯት። 8 + 15 = 23። የሷ መልስ ግን 7 × 2 × 5 = 70 ነው። ራሷ ታየዋለች፣ መቆጣትም አያስፈልግዎትም። አንድ ነገር ልጨምር፦ «ሀ ብርቱካን ነው፣ ለ ሙዝ ነው፣ አይደመሩም» የሚለውን ምሳሌ ባይጠቀሙበት እመርጣለሁ። ለመደመር ያግባባ ይሆናል፤ ሀ × ለ ሲመጣ ግን ብርቱካን በሙዝ ሊባዛ ነው? ሀ ያልታወቀ ቁጥር ነው። 4ሀ + 3ለ እንዳለ ይቀመጣል፤ ያለቀ መልስ ነው። ላይክ ተርም የሚባሉት ሆሄያቸውም የሆሄያቸው ፓወርም አንድ የሆኑት ናቸው። 3ሀ ከ5ሀ ጋር ይሰበሰባል፣ ከ5ሀ² ጋር ግን አይሰበሰብም።

ጥያቄ (ተማሪ፣ አራዳ)፦ 7ሀ − ሀ ስንት ነው? 7 አይደለም?

መልስ፦ አይደለም፣ 6ሀ ነው። ብቻዋን የቆመች ሀ ፊቷ ላይ 1 አለ፤ ስለማይጻፍ ነው የማይታየው።

ጥያቄ (የ9ኛ ክፍል ተማሪ)፦ 6ሀ + 12ን በ6 አካፍዬ ሀ + 2 ብዬ አቀለልኩት። ለምን ኤክስ ተደረገብኝ?

መልስ፦ እኩል ይሆናል ምልክት ስለሌለ። እኩልታ ቢሆን ኖሮ ሁለቱንም ወገን በ6 ታካፍያለሽ፣ ሚዛኑ አይዛባም። እዚህ ግን አንድ ወገን ብቻ ነው ያለው፤ ስታካፍይው ዋጋው ይለወጣል። ማቃለል መልኩን መቀየር እንጂ ዋጋውን መቀየር አይደለም። 6(ሀ + 2) ብትዪ ግን ማንም ኤክስ አያደርግብሽም።

ጥያቄ (ይኸው ተማሪ)፦ (ሀ + 5)²ስ ሀ² + 25 ነው አይደል?

መልስ፦ አይደለም። (ሀ + 5)(ሀ + 5) ብለሽ ዘርግተሽ ጻፊው። እያንዳንዱ ከእያንዳንዱ ሲባዛ ሀ² + 5ሀ + 5ሀ + 25፣ ማለትም ሀ² + 10ሀ + 25 ይመጣል። የተረሳው መሃል ያለው 10ሀ ነው።

ጥያቄ (ተፈታኝ)፦ መልሴን በቁጥር ሳረጋግጥ 1ን ብጠቀም ይቀለኛል። ይቻላል?

መልስ፦ 0 እና 1 ስህተት ይደብቃሉ። 3ሀ + 2ሀ² = 5ሀ² ብለህ ተሳሳትክ እንበል። ሀን 1 ብታደርገው ሁለቱም ወገን 5 ይሆናል፤ ልክ ነኝ ብለህ ታልፋለህ። 2 ብታደርገው ግን አንዱ 14፣ ሌላው 20 ነው። 2ን ወይም 3ን ተጠቀም፤ ሁለት ሆሄ ካለ ደግሞ ለሁለቱ የተለያየ ቁጥር ስጣቸው።