«ገብረ ሥላሴ» የሚል ማሊያ

ውድ ልጆቼ፣

ዕድሜዬን የገፋሁት በስፖርት ጋዜጠኝነት ነው። አሁን ጡረታ ወጥቻለሁ። ኳስ ተጫዋች መሆን የምትፈልጉ ወጣቶች ግን ዛሬም ትጽፉልኛላችሁ። ከአዲስ አበባም፣ ከአርባ ምንጭም፣ ከፍራንክፈርትም፣ ከቨርጂኒያም። ጥያቄያችሁ ብዙ ጊዜ ከሁለት አይወጣም። አንደኛው «ሃያ ዓመት አለፈኝ፣ እስካሁን ያየኝ የለም፣ ረፍዶብኝ ይሆን?» የሚል ነው። ሁለተኛው በተለይ ውጭ ካደጋችሁት ይመጣል። «ስሜ ለፈረንጅ አፍ ይከብዳል፣ ባሳጥረው ምን ይመስልዎታል?» ትሉኛላችሁ።

ለሁለቱም ጥያቄ የአንድ ሰው ታሪክ ልንገራችሁ። ቴዎዶር ገብረ ሥላሴ ይባላል።

የተወለደው እ.ኤ.አ. ዲሴምበር 24 ቀን 1986 በያኔዋ ቼኮዝሎቫኪያ፣ ትሬቢች በምትባል ከተማ ነው። አባቱ ኢትዮጵያዊ ሐኪም ናቸው፣ እናቱ ደግሞ ቼክ መምህርት። በቼክ አገር የገና ስጦታ የሚከፈተው በዚያው በ24ኛው ቀን ምሽት ነው። ቴዎዶር ማለት ደግሞ በግሪክ «የእግዚአብሔር ስጦታ» ማለት ነው። እኛ ቴዎድሮስ የምንለው ያው ስም ነው።

መጀመሪያ ስለ ኳሱ ላውራችሁ፣ ወደ ስሙ እመለሳለሁ።

ይህ ልጅ በአሥራ ስድስት ዓመቱ ጋዜጣ ላይ የወጣ ልጅ አይደለም። ከአዋቂዎች ጋር መጫወት የጀመረው ይህላቫ በሚባል ትልቅ ስም በሌለው ክለብ ነው። ከዚያ ስላቪያ ፕራግ ወሰደው። ስላቪያ ትልቅ ክለብ ነው፣ እዚያ ግን ቋሚ ቦታ አላገኘም። ብዙ ልጅ እንዲህ ያለ ቦታ ላይ ሲደርስ ተስፋ ይቆርጣል። እሱ ወደ ስሎቫን ሊቤሬች ሄደና በቀኝ ተከላካይነት መሥራቱን ቀጠለ። ለቼክ ብሔራዊ ቡድን የተጠራው 24 ዓመት ከሞላው በኋላ ነው፣ እ.ኤ.አ. በ2011። ለዚያ ቡድን የተሰለፈ የመጀመሪያው ጥቁር ተጫዋች ሆነ። በ2012 ከሊቤሬች ጋር የሊጉን ዋንጫ አነሳ። በዚያው በጋ የአውሮፓ ዋንጫ ላይ ተጫወተ፤ ወዲያው የጀርመኑ ቨርደር ብሬመን አስፈረመው። የጀርመኑን ከፍተኛ ሊግ ቡንደስሊጋን ሲረግጥ 25 ዓመቱ ነበር።

እንግዲህ ሃያ ዓመት አልፎህ «ረፍዶብኛል» የምትለኝ ልጄ፣ እባክህ እነዚህን ዓመታት ቁጠራቸው። አንተ ዛሬ ባለህበት ዕድሜ እሱን ከአገሩ ውጭ የሚያውቀው ሰው አልነበረም።

ብሬመን ሲገባ ከቡድን ጓደኞቹ አንዱ ቤልጅየማዊው አማካይ ኬቨን ደ ብሩይነ ነበር፣ ከእንግሊዙ ቼልሲ በውሰት የመጣ። ደ ብሩይነ አንድ ዓመት ተጫውቶ ሄደ፣ ኋላም ከዓለም ታላላቅ ተጫዋቾች አንዱ ሆነ። ቴዎዶር ዘጠኝ የውድድር ዘመን ቆየ። እነዚያ ዘጠኝ ዓመታት ለክለቡ ቀላል አልነበሩም። በ2016 ብሬመን ወደ ታችኛው ሊግ ከመውረድ የዳነው በመጨረሻው ቀን ጨዋታ፣ በ88ኛው ደቂቃ በተገባች ጎል ነው። በ2020 ከሃይደንሃይም ጋር በተደረገ የደርሶ መልስ ጨዋታ፣ ከሜዳ ውጭ ባገባው ጎል ብልጫ ብቻ ተረፈ። በ2021 ግን አልቀረለትም፣ ወረደ። ቴዎዶር በዚያ ዓመት ወደ አገሩ፣ ወደ ሊቤሬች ተመለሰ።

አንድ የቀኝ ተከላካይ እንዲህ ባለ ክለብ ዘጠኝ ዓመት ቋሚ ሆኖ መቆየቱ ከብዙ ዋንጫ ይበልጥብኛል። አሠልጣኝ በየጊዜው ይለዋወጣል። እያንዳንዱ አዲስ አሠልጣኝ ሁሉን ከዜሮ ነው የሚያየው። በእያንዳንዱ ዓይን ፊት እንደገና ቦታን ማስከበር ምን ያህል ሥራ እንደሚጠይቅ ስልጠና ሜዳ የዋለ ሰው ያውቀዋል። እናንተ የምታዩት የጎል ቪዲዮ ነው። እኔ እንድታዩልኝ የምፈልገው ይህንን ነው።

አሁን ወደ ስሙ።

ጁን 8 ቀን 2012፣ የፖላንዷ ቭሮጽላቭ ከተማ። ቼክ ከሩሲያ ጋር ተጫውታ 4 ለ 1 ተሸነፈች። በዚያ ጨዋታ ላይ ከሩሲያ ደጋፊዎች በኩል ቴዎዶር ላይ የዘረኝነት ጩኸት ተሰምቷል በሚል የአውሮፓ እግር ኳስ ማኅበር ምርመራ ጀመረ። አስቡት። የመጀመሪያው ትልቅ ውድድሩ፣ የመጀመሪያው ጨዋታ፣ ያውም በሰፊ ጎል የተሸነፉበት። ቼክ ከዚያ በኋላ ግሪክን 2 ለ 1፣ አስተናጋጇን ፖላንድን 1 ለ 0 አሸንፋ ምድቡን በአንደኝነት ጨረሰች። ሩብ ፍጻሜ ላይ በፖርቱጋል 1 ለ 0 እስክትሸነፍ ድረስ እሱም ከቡድኑ ጋር ነበር።

ስማችሁን ማሳጠር የምትፈልጉ ልጆች ይህን ልብ በሉልኝ። ሊሰድብ የመጣ ሰው ማሊያ አያነብም። ስም ቢያጥር ቢረዝም ከእንዲህ ያለው ሰው አያድንም። ቴዎዶር በጓደኞቹ ዘንድ «ቴዎ» ነው፤ ማሊያው ላይ ግን «ገብረ ሥላሴ» ተብሎ ሙሉው ተጽፎ ነበር። የብሬመን ልጆች የሥላሴን አገልጋይ ስም ማሊያ ላይ ለብሰው ስታዲየም ገቡ። ይህን ስጽፍ እንኳ ደስ ይለኛል።

አንድ ነገር ልጨምር፣ ውጭ የተወለዳችሁትን ይመለከታል። እኛ አገር የአባት ስም የቤተሰብ ስም አይደለም። ልጅ ሲወለድ የአባት ስም ይከተለዋል፣ የልጅ ልጅ ሲመጣ ደግሞ ያ ስም ወደ አያትነት ይሸጋገራል። አውሮፓ ሲሄድ ግን ባለበት ይቆማል። ገብረ ሥላሴ በቼክ አገር የቤተሰብ ስም ሆኖ ቀረ። የቴዎዶር እህት አናም የእጅ ኳስ ተጫውታለች፣ በዚሁ ስም ትታወቃለች። ፈረንጅ ይህን ስም ሲሰማ ከሯጩ ከኃይሌ ጋር ቢያዛምዳቸው አይገርምም። የእናንተም ቤት እንዲህ ነው። ምናልባት ፓስፖርታችሁ ላይ የቆመው የአያታችሁ ስም ይሆናል። ያ ሰው ማን ነበር? ስሙንስ ማን አወጣለት?

ስም ብዙ መንገድ አለው። ካሳ የሚባል ልጅ ብዙ ጊዜ የጠፋ ነገር እንዲካስ ተብሎ የወጣለት ነው። ካሳ ኃይሉ በ1855 እ.ኤ.አ. ሲነግሥ ግን ቴዎድሮስ የሚለውን ስም የመረጠው ራሱ ነው፤ ሕዝቡ ቴዎድሮስ የሚባል ፍትሐዊ ንጉሥ ይመጣል የሚል የቆየ ትንቢት ይጠብቅ ነበርና። የዋልያዎቹ አጥቂ የነበረው ሳላዲን ሰይድ፣ ስሙ ከዐረብኛ «የሃይማኖት ቅንነት» ከሚለው የመጣ ነው፤ ያንን ስም ይዞ ከቅዱስ ጊዮርጊስ ተነስቶ ግብፅና ቤልጅየም ድረስ ተጫውቷል። ብራዚል ውስጥ ደግሞ እ.ኤ.አ. በ1940 አንድ ልጅ ተወለደ። ወደ ከተማቸው የኤሌክትሪክ መብራት በቅርቡ ገብቶ ነበርና አባቱ በቶማስ ኤዲሰን ስም ኤድሰን አሉት። ዓለም ያወቀው ግን ፔሌ ብሎ ነው። ያ የትምህርት ቤት ቅጽል ስም ነው፣ በልጅነቱ ሲጠሩት ይናደድበት ነበር። ሌላው ብራዚላዊ ሶክራተስ ነው። መጽሐፍ የሚወዱ አባቱ በግሪኩ ፈላስፋ ስም ጠሩት። ልጁ ኳስ እየተጫወተ ሕክምና ተምሮ ሐኪም ሆነ፣ በ1982 የዓለም ዋንጫም የብራዚል አምበል ነበር። ትምህርትና ኳስ አብረው አይሄዱም የሚላችሁ ሰው ካለ ይህን ስም ጥሩለት።

የራሳችንንም አንርሳ። ጥር 13 ቀን 1954 ዓ.ም. አዲስ አበባ ላይ ኢትዮጵያ ግብፅን 4 ለ 2 አሸንፋ የአፍሪካን ዋንጫ ወሰደች። ሁለት ጊዜ ተመርታ ሁለት ጊዜ አቻ ሆና፣ በተጨማሪ ሰዓት ነው ያሸነፈችው። ጎሎቹን ያገቡት ግርማ ተክሌ፣ ሉቺያኖ ቫሳሎ፣ ኢታሎ ቫሳሎና መንግሥቱ ወርቁ ናቸው። ሉቺያኖና ኢታሎ ወንድማማቾች ናቸው፣ ከጣሊያን አባት አሥመራ የተወለዱ። አምበሉ ሉቺያኖ ነበር፣ ዋንጫውን ከጃንሆይ እጅ የተቀበለውም እሱ ነው። ከዚያ ቡድን ጀርባ ደግሞ ይድነቃቸው ተሰማ ነበሩ፤ ኋላ ከ1972 እ.ኤ.አ. ጀምሮ እስኪያርፉ ድረስ የአፍሪካን እግር ኳስ ኮንፌዴሬሽን በፕሬዚዳንትነት መሩ። የጣሊያን ስም፣ የግዕዝ ስም፣ የአማርኛ ስም፣ ሁሉም አንድ ማሊያ ለብሰው ነበር። ሕዝቡ ስማቸውን እንዳለ ጠራው፣ ልጆችም ሰፈር ውስጥ በእነሱ ስም ተጠራሩ።

እንግዲህ ምን አድርጉ ነው የምለው?

አያቶቻችሁ በሕይወት ካሉ ስማችሁን ማን እንዳወጣውና ለምን እንደሆነ ጠይቋቸው። እኔ ብዙ ተጫዋች ቃለ መጠይቅ አድርጌያለሁ። ስለ ጎሉ ሲጠየቅ ሁሉም አንድ ዓይነት ነገር ነው የሚመልሰው። ስለ ስሙ ሲጠየቅ ግን ፊቱ ይበራል፣ ስለ እናቱ ያወራል፣ ስለተወለደበት ዓመት ያወራል። አንዳንዱ ደግሞ አያውቅም፣ ያኔ በጣም ያዝናል። የሚነግራችሁ ሰው ሳያልፍ ጠይቁ።

ቀጥሎ ወረቀቱን አስተካክሉ። ይህን ቸል አትበሉ። ገብረ ሥላሴ የሚለው ስም በላቲን ፊደል ሲጻፍ የሯጩ ኃይሌ አንድ ላይ ተያይዟል፣ የቴዎዶር ደግሞ ሁለት ቃል ነው። ሁለቱም ትክክል ነው፤ ችግር የሚመጣው አንድ ሰው በሁለት ዓይነት ሲጻፍ ነው። የልደት ምስክር ወረቀታችሁ፣ የትምህርት ቤት ካርዳችሁ፣ የክለብ መታወቂያችሁና ፓስፖርታችሁ ላይ ስማችሁም የልደት ቀናችሁም አንድ ዓይነት ይሁን። ዕድሜ መቀነስን ደግሞ ጨርሶ አታስቡት። ዛሬ አሥራ ሰባት ዓመት ነኝ ያለን ልጅ የእጁን አጥንት በኤምአርአይ ያዩታል።

የወረቀቱ ነገር ለእናንተ ብቻም አይደለም። በፊፋ ደንብ አንድ ተጫዋች ውሉ ሳያልቅ ከአገር አገር በገንዘብ ሲሸጥ፣ ከዝውውር ክፍያው 5 በመቶው ከ12 እስከ 23 ዓመቱ ላሠለጠኑት ክለቦች ይከፋፈላል። ስማችሁ በየቦታው ሌላ ሌላ ከሆነ ግን ያ የሰፈር ክለብ እናንተን እንዳሳደገ በምን ያስረዳል? ከልጅነታችሁ ጀምሮ በየትኛው ክለብ ከመቼ እስከ መቼ እንደተጫወታችሁ፣ በሙሉ ስማችሁ አስጽፉና ማኅተም አስመትታችሁ ያዙ። አንዱን ቅጂ እናታችሁ ጋ አስቀምጡ።

ሰላም ሁኑልኝ።