ለመከራከርም ፈቃድ?

የዚህ ሳምንት ጥያቄዎች ሁሉ የገንዘብ ክስ ናቸው። የ1958ቱ የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ ከቁጥር 284 ጀምሮ የሚያወራለት «አጭር ሥነ ሥርዓት»፣ ማለትም ልኩ የታወቀ ገንዘብ ያለ ረጅም ክርክር የሚጠየቅበት የክስ መንገድ፣ ብዙ ነጋዴ ሳያስበው ነው የሚይዘው።

መጥሪያው ላይ «በአጭር ሥነ ሥርዓት» ይላል። ቀጠሮው ሲደርስ ቀርቤ ብከራከርስ?

ያኔ የሚሰማዎት ላያገኙ ይችላሉ። በተለመደው ክስ መልስ መስጠት መብትዎ ነው። እዚህ ግን መጀመሪያ «ልከላከል» ብለው ያስፈቅዳሉ፣ ያውም መጥሪያው በሰጠዎት ጊዜ ውስጥ። ዝም ካሉ ለከሳሽ ይፈረድለታል። በኋላ ፍርዱን ማስነሳት የሚቻልበት መንገድ አለ፤ ግን በእሱ ተማምነው አይቀመጡ።

ማመልከቻው ላይ ምን ልጻፍ? ዕቃው ተበላሽቶ ነው የመጣው።

ማመልከቻው በመሐላ የተደገፈ መሆን አለበት። ብዙ ሰው «የተጠየቀው ዕዳ የለብኝም፣ ክሱ ውድቅ ይደረግልኝ» ብሎ ይፈርማል። ይህ ለዳኛው ምንም አይነግረውም። ይልቅ እንዲህ ይሁን፦ «ከተረከብኩት 200 ካርቶን 60ው ረጥቦ ነበር። በማግስቱ መልሻለሁ፤ የከሳሽ መጋዘን ሠራተኛ የፈረመበት ሰነድ ተያይዟል። የ140ውን ዋጋ አልክድም።» የመጨረሻዋን ዓረፍተ ነገር ሰዎች ይፈሯታል። እኔ ግን እወዳታለሁ። ሕጉ ራሱ መከላከያው ለሙሉው ነው ወይስ ለከፊሉ ብሎ ይጠይቃል፤ ያመኑትን አምነው የካዱትን ሲለዩ ክህደትዎ ክብደት ያገኛል። እርግጥ ለ140ው ወዲያው ሊፈረድብዎት ይችላል። በዚህ ደረጃ ክሱን ማሸነፍ አይጠበቅብዎትም። ሊያከራክር የሚችል ጭብጥ መኖሩን ማሳየት ይበቃል።

ቼኩን የሰጠሁት ለመያዣ ነበር። አሁን ተከሰስኩበት።

ይህን ስንቴ ሰማሁት! ከሳሹ ቼኩን ከእርስዎ የተቀበለው ሰው ራሱ ከሆነ፣ በመካከላችሁ የነበረውን ውል አንስተው መከራከር ይችላሉ፤ ውሉን በጽሑፍ ካሳዩ። ቼኩ ተላልፎ ሦስተኛ ሰው እጅ ከገባ ግን ነገሩ ይከብዳል። ያ ሰው እያወቀ እርስዎን ለመጉዳት እንደወሰደው ካላስረዱ፣ የእርስዎና የመጀመሪያው ሰው ጉዳይ እሱን አይመለከተውም። ቼክን የሚገዛው አሁንም የ1952ቱ የንግድ ሕግ ነው፤ አዲሱን የንግድ ሕግ ያመጣው የ2013ቱ አዋጅ ያንን ክፍል አልነካውም። ስንቅ የሌለው፣ ማለትም ባንክ ውስጥ በቂ ገንዘብ የሌለው፣ ቼክ በወንጀልም እንደሚያስጠይቅ አይርሱ።

ለወዳጄ ዋስ ሆኜ ፈርሜ ነበር። ወረቀቱ ላይ የገንዘብ መጠን የለም።

ይህንኑ የማመልከቻዎ የመጀመሪያ መስመር ያድርጉት። በፍትሐ ብሔር ሕጉ ዋሱ የሚጠየቅበት ከፍተኛ መጠን ያልተገለጸበት የዋስትና ውል አይጸናም።

ፈቃዱ ተሰጠኝ፤ ግን «ገንዘቡን አስይዝ» ተባልኩ።

ፍርድ ቤቱ ፈቃዱን ያለ ቅድመ ሁኔታም በቅድመ ሁኔታም ሊሰጥ ይችላል። በተባለው ቀን ካላስያዙ ፈቃዱ ዋጋ የለውም፤ ይፈረድብዎታል። ጥሬ ገንዘብ ከሌለዎት ሌላ ዋስትና እንዲተካልዎ ቀኑ ሳያልፍ ያመልክቱ።

እኔ ከሳሽ ነኝ። ያልተከፈለኝን ሒሳብና ያጣሁትን ትርፍ አንድ ላይ ልጠይቅ?

በዚህ መንገድ አይሆንም። አጭር ሥነ ሥርዓት ልኩ ለታወቀ ገንዘብ ነው። የቀረ ትርፍ ደግሞ ማስረጃ ተሰምቶ፣ ተሰልቶ የሚመጣ ነገር ነው። ለእሱ መደበኛውን ክስ ይጠቀሙ።