ሽሮ ሜዳ ያሉትን ሸማኔ በስልክ ስለመቅረጽ

እህቴ፣ ጎረቤትሽ የሆኑትን አዛውንት ሸማኔ በስልክ ቀርጸሽ የ10 ደቂቃ ዘጋቢ ፊልም ልትሠሪ ነው፤ ትረካውን አስቀድሜ ልጻፍ ወይ ብለሻል። አትጻፊ። ትረካው ከቀደመ ሰውየው ለጽሑፍሽ ማጀቢያ ሆነው ይቀራሉ።

ይልቅ የማስረከቢያ ቀን የተቆረጠለት ሥራ ፈልጊ። በበዓል ሰሞን ትእዛዝ ይበዛል። ለጥምቀት መድረስ ያለበት ቀሚስ ካለ፣ ድሩ ከተዘረጋበት ቀን አንስቶ ለነጋዴው እስኪያስረክቡ ተከተያቸው። ይደርስ ይሆን አይደርስ የሚለው ብቻውን ተመልካቹን ይዞ ይሄዳል። ጥለቱ ላይ ሲደርሱ እጃቸው ይዘገያል፤ ረጅም ጊዜ መቀመጥ ያለብሽ እዚያ ነው።

ጀማሪ የሚወድቀው ድምፅ ላይ ነው። ማጉ እየተመታ የሚነገር ቃል አይሰማም፤ ስለዚህ የሥራውን ድምፅ ለብቻው 3 ደቂቃ ቅጂ፣ ንግግሩን ደግሞ እጃቸው ሲያርፍ፣ ቡና ሲቀርብ። ልብስ ላይ የምትሰካዋን ትንሿን ማይክ ከአገጫቸው አንድ ስንዝር ዝቅ አድርገሽ ከልብሳቸው ላይ ሰኪያት፤ ጋቢ ስር ከገባች መንኮሻኮሽ ብቻ ነው የምትቀዳው። የቤተ ክርስቲያን ድምፅ ማጉያ ከጀመረ ንግግሩን አቁሚ፤ ኋላ ስትቆርጪው ቅዳሴው መሃል ላይ ይዘላል። ፍሪጅ ካለ አስፈቅደሽ አጥፊው፣ የቤትሽን ቁልፍም ውስጡ አስቀምጪ፤ ሳታበሪው እንዳትሄጂ። ከመውጣትሽ በፊት ማንም ሳይናገር የክፍሉን ዝምታ 1 ደቂቃ ቅጂ፤ ቁርጦቹን የምታጣብቂው በእሱ ነው።

ስልክሽን በሰከንድ 25 ፍሬም፣ ሹተሩን (እያንዳንዱ ፍሬም ብርሃን የሚቀበልበትን ጊዜ) 1/50 ሰከንድ ላይ አድርጊ። የእኛ መብራት 50 ኸርዝ ስለሆነ በ30 ከቀረጽሽ በሸምበቆ (ፍሎረሰንት) መብራት ስር ምስሉ ብልጭ ድርግም ሊል ይችላል። ነጭ ጥጥ ስልኩን ያታልለዋል፣ ፊታቸውን ያጠቁረዋል፤ ብርሃኑን ፊታቸው ላይ ለክተሽ፣ ስልኩ በራሱ እንዳይቀይረው ቆልፊው። እግራቸው ጉድጓድ ውስጥ ስለሆነ ቆመሽ ከቀረጽሽ የሚታየው አናታቸው ነው። ተቀመጪ።

“መቼ ጀመሩ?” ካልሽ “በ12 ዓመቴ” ይሉሻል፤ ያለ ጥያቄሽ ትርጉም የለውም። “አጀማመርዎን ያጫውቱኝ” በያቸው። ሲጨርሱ አምስት ሰከንድ ዝም በይ፤ ዋናው ነገር ብዙ ጊዜ ከዚያ በኋላ ይመጣል።

በጠቅላላው የ6 ሰዓት ያህል ቀረጻ ይበቃሻል፤ በተራ ኤችዲ ከ20 እስከ 50 ጊጋባይት ይይዛል። በየማታው ሁለት ቦታ ገልብጪ።

ፈቃድን በተመለከተ፣ “እሺ ልጄ” ማለታቸው ይሉኝታ ሊሆን ይችላል። የመጀመሪያውን ቅንብር ቤተሰባቸው ባለበት አሳይተሽ እንደገና ጠይቂያቸው። ነጋዴው የሚከፍላቸውን ዋጋ ተናግረው ከሆነ ደንበኛቸውን ሊያሳጣቸው ይችላል፤ ያንን ክፍል ለብቻው አሳዪአቸው፣ ይቅር ካሉ አውጪው።