«ከሳሴም ታገኛለሽ» ላሉሽ

እህቴ ከሊዮን፣

ደብዳቤሽን ሁለት ጊዜ አነበብኩት። ለሦስት አጫጭር ፊልሞች በነጻ ሙዚቃ ሠርተሻል። አሁን ዳይሬክተሯ ጓደኛሽ የመጀመሪያ ረጅም ፊልሟን ልትሠራ ነው፣ ሙዚቃውንም ላንቺ ሰጥታሻለች። ፕሮዲዩሰሩ ግን «የሥራ ክፍያ የለም፤ ከሳሴም ታገኛለሽ» አለሽ፤ የሙዚቃ ደራሲዎችን የመብት ክፍያ ሰብስቦ ከሚያከፋፍለው የፈረንሳይ ማኅበር ማለቱ ነው። በዚያ ላይ የአሳታሚውን ድርሻ፣ ማለትም ከዚያው ገቢ ለሙዚቃ አሳታሚ የሚታሰበውን፣ ለራሱ ጠየቀ።

እንዲህ እንዳለ አትፈርሚ።

እስቲ አብረን እናስላው። ፈረንሳይ ውስጥ ሲኒማ ቤቶች ከቲኬት ገቢያቸው ለሳሴም የሚከፍሉት 1.27 በመቶ ነው። ፊልሙን 20,000 ሰው አየው እንበል። ቲኬቱን በ7 ዩሮ ብንይዘው፣ ታክስ ሲነሳ ለሳሴም 1,700 ዩሮ ገደማ ይመጣል። ሳሴም የአገልግሎቱን ይቆርጣል። ፊልሙ ውስጥ የሌላ ሰው ዘፈን ካለ እሱም ይካፈላል። ከተረፈው ሲሶውን አሳታሚው ይወስዳል። ያንቺ ከ1,000 ዩሮ ብዙም አይበልጥ፤ እሱም ከወራት በኋላ። አራት ወር ሙሉ ለምትለፊበት ሥራ! ቴሌቪዥን ካሳየው የተሻለ ይገኛል፤ ግን ማን ቃል ገባልሽ?

እኔም በ26 ዓመቴ ማርሴይ ላይ እንዲሁ ፈርሜያለሁ። ስቱዲዮውንና ቼሎ ተጫዋቿን ከኪሴ ከፈልኩ። ፊልሙ ሳይወጣ ቀረ። ዛሬም ያንገበግበኛል። ከዚያ ወዲህ ያቆመኝ በሳምንት ሦስት ቀን ፒያኖ ማስተማር ነው፤ አንቺም እንዲህ ያለ ሥራ ፈልጊ። የኪነ ጥበብ ሠራተኛ በዓመት ሲሞላው የሥራ አጥ ድጎማ በሚያገኝበት በ507 ሰዓቱ አትተማመኚ። የሚቆጠረው በቅጥር የሠራሽው ነው እንጂ ቤትሽ ቁጭ ብለሽ የደረስሽው ሙዚቃ አይደለም።

ለፕሮዲዩሰሩ እንዲህ በይው፦ ትንሽም ብትሆን የሥራ ክፍያ በጽሑፍ ይስጥሽ፤ ስቱዲዮውንና ሙዚቀኞቹን እሱ ይክፈል። ያለዚያ የአሳታሚ ድርሻ የለም። ሴኤንሴ (የፈረንሳይ መንግሥት የሲኒማ ተቋም) ለፊልም ሙዚቃ የሚሰጠውን ድጋፍ አመልክቶ እንደሆነም ጠይቂው።

እናትሽ «ነርስነት ተማሪ» ይላሉ። ሐሳባቸው ይገባኛል። ግን በየወሩ 300 ዩሮ አዲስ አበባ እየላክሽ፣ የአጎትሽ ልጅ መኪና እንዲገዛ አዋጪ መባልሽ ልክ አይደለም። እናትን መርዳት ሌላ፣ የዘመድ ሁሉ ኪስ መሆን ሌላ። ይህን ቁርጥ አድርገሽ ንገሪያቸው።

ማሲንቆውን ፊልሙ ከፈለገው አስገቢው። ሀበሻ ስለሆንሽ ብቻ ከጠየቁሽ ግን እምቢ በይ።

ፓሪስ አለመማርሽም አያስጨንቅሽ። እዚያ የሚገኘው ትልቁ ነገር ሰው ነው። ሙዚቀኛው ፓራ ዋን ከዳይሬክተሯ ሴሊን ሲያማ ጋር የተዋወቀው ፓሪስ ባለው የፊልም ትምህርት ቤት፣ ላ ፌሚስ ሲማሩ ነው፤ በ2007 የመጀመሪያ ፊልሟን ሙዚቃ የሠራላትም እሱ ነው። አንቺ ደግሞ የራስሽን ዳይሬክተር አግኝተሻል። ከፕሮዲዩሰሩ በፊት እሷን አነጋግሪያት፤ ያለ ክፍያ እንድትሠሪ መጠየቅሽን ላታውቅ ትችላለች።