ቢጫው ሳጥን መጨረሻ ይሁን

ልጆች የቃል ካርዶችን ባለቀለም ሳጥኖች ላይ እየደረደሩ ዓረፍተ ነገር መሥራት እንዲማሩ ሲያደርጉ፣ ልጆቹ «አስጋሪው ያዘ ዓሣውን ጣና ላይ» ብለው የሚደረድሩት ስላልገባቸው አይደለም። ብርቱካናማ (ማን)፣ ቢጫ (ምን አደረገ)፣ አረንጓዴ (ምንን)፣ ሰማያዊ (የት) የሚለው አደራደር የእንግሊዝኛ ነው። በአማርኛ ግስ ዓረፍተ ነገሩን ይዘጋል፤ ስለዚህ ቢጫውን ወደ መጨረሻ ይውሰዱት።

1. በሁለት ካርድ ይጀምሩ፦ «አስጋሪው» «ቀዘፈ»።

2. ያለ ስህተት ሲሠሩት አረንጓዴውን መሃል ያስገቡ፦ «አስጋሪው ዓሣውን ያዘ»። «ን»ን ለብቻዋ በትንሽ ካርድ ቆርጠው «ዓሣው» ላይ ያስቀጥሏቸው፤ ቶሎ የምትረሳው እሷ ናት።

3. ሰማያዊው ይጨመር፦ «አስጋሪው ጣና ላይ ዓሣውን ያዘ»።

ለቢጫው ሳጥን አንድ የግስ ካርድ ብቻ አይበቃም። «ያዘ»፣ «ያዘች»፣ «ያዙ» ሦስቱም ጠረጴዛው ላይ ይቀመጡ፤ ባለቤቱ «አስጋሪዎቹ» ሲሆን ልጁ ራሱ ይምረጥ። እዚህ ላይ ጊዜ ቢወስዱ አይቆጭም።

አንድ ነገር ይጠንቀቁ፦ ቃላቱን በነጭ ካርድ ይጻፉ፣ ቀለም የሚቀባው ቃሉ የሚቀመጥበት ሳጥን ነው። «ዓሣው» አረንጓዴ ከተቀባ፣ «ዓሣው ዋኘ» ሲባል ብርቱካናማው ቦታ ላይ ማስቀመጥ ግራ ያጋባቸዋል።