ከተማን ከኮርቻ ላይ ማየት፦ የአንባቢዎች ጥያቄና መልስ

ሰሞኑን ከደረሱኝ ጥያቄዎች አምስቱ ስለ አንድ ነገር ናቸው። ከአስጎብኚ ጋር፣ በቡድን ሆኖ፣ በብስክሌት የማያውቁትን ከተማ መዞር። እኔም በዚህ ነገር ትንሽ ስለወደቅኩና ስለተነሳሁ (ቃል በቃል ወድቄአለሁ፣ እነግራችኋለሁ) ሁሉንም አንድ ላይ ልመልስ።

«ለስብሰባ ወደማላውቀው ከተማ ልሄድ ነው። ለራሴ የሚተርፈኝ አንድ ቀን ተኩል ብቻ ነው። አንድ አስጎብኚ ድርጅት በ3 ሰዓት የብስክሌት ጉብኝት 14 ታዋቂ ቦታ አሳያለሁ ይላል። ጓደኛዬ ደግሞ አውቶቡስ ላይ ቁጭ ብለህ እይ፣ ምን አለፋህ ይለኛል። ማንን ልስማ?» ጊዜ ያጠረው

ጓደኛህን አትስማ። ድርጅቱንም ግን እንዳለ አትመነው።

እስቲ እንቁጠረው። 3 ሰዓት 180 ደቂቃ ነው። ሰው እስኪሰበሰብ፣ ብስክሌት እስኪታደል፣ ኮርቻ ከፍና ዝቅ እስኪል፣ «ቀይ መብራት ላይ ሁላችንም እንቆማለን» ምናምን እስኪባል 20 ደቂቃ ሄደ። ቡድን ሲነዳ በሰዓት ከ10 እስከ 12 ኪሎ ሜትር ቢሄድ ነው፤ መንገዱ 12 ኪሎ ሜትር ከሆነ መንዳቱ ብቻ 70 ደቂቃ ይበላል። ለውሃና ለሽንት ቤት 15 ደቂቃ በል። የቀረህ 75 ደቂቃ ነው። ለ14 ስታካፍለው ለአንድ ቦታ 5 ደቂቃ ደረሰው ማለት ነው። ከዚያ ላይ ደግሞ ከብስክሌት መውረድ፣ ማቆምና ተመልሶ መውጣት አለ። ይሄ ጉብኝት አይደለም፣ ስም መጥራት ነው። ስለዚህ 14 ከሚልህ 7 የሚልህን ምረጥ።

ታዲያ ለምን አውቶቡሱ አይሻልም? አውቶቡስ በሰፊው መንገድ ነው የሚሄደው። ጠባቡ ሰፈር ውስጥ አይገባም፣ መናፈሻውን አያቋርጥም፣ ወንዝ ዳር አይወርድም። በእግር ደግሞ እየቆምክ ስታይ በ3 ሰዓት 5 ኪሎ ሜትር ብትሸፍን ነው። ብስክሌት መሃል ላይ ነው። ዳገቱ የት እንደሚጀምር ጉልበትህ ይነግርሃል፤ ከገበያው እስከ አደባባዩ ስንት ደቂቃ እንደሆነ ሳታስበው ታውቀዋለህ። ካርታው ሰውነትህ ውስጥ ይገባል ብል አላጋነንኩም።

በርሊን ላይ የሆነውን ልንገርህ። አስጎብኚያችን አንድ መንገድ ላይ ምንም ሳትናገር ነዳችና አለፈች። እኛም ተከትለን አለፍን። ጎማዬ ግድግድ አለ፣ ሁለት ጊዜ። ከዚያ አቆመችንና ወደ ኋላ እዩ አለችን። አስፋልቱን አቋርጦ የሚሄድ ሁለት ረድፍ ድንጋይ ተነጥፏል። ከ1961 እስከ 1989 (በፈረንጆቹ) ከተማዋን ለሁለት የከፈለው ግንብ የቆመበት መስመር ነው። ሰው ሊሻገረው ሲል የሞተበትን ነገር እኛ በሁለት ሴኮንድ ተሻገርነው፣ ያውም ሳናውቅ። ይህን ከአውቶቡስ መስኮት ብታየው ድንጋይ ነው፣ በቃ።

ጉብኝቱን በመጀመሪያው ቀን ጠዋት አድርገው። ብዙ ጊዜ ሕንፃዎቹን ከውጭ ነው የምታየው፣ ወደ ውስጥ መግባት የለም። እያለፍክ ልብህ የቀረበትን ሁለት ቦታ ያዝና ከሰዓት በኋላ በእግርህ ተመለስባቸው። ከመክፈልህ በፊት ሦስት ነገር ጠይቅ፦ ስንት ኪሎ ሜትር ነው፣ የት የት ያቆማል፣ ለአንድ አስጎብኚ ስንት ሰው ነው። እኔ ከ12 ሰው በላይ ከሆነ አልሄድም። የመጨረሻው ሰው ሲደርስ ታሪኩ አልቋል።

ጉዞህ እሁድን ከነካ ደግሞ የከተማው መንገድ ለመኪና ይዘጋ እንደሆነ አጣራ። የኮሎምቢያዋ ቦጎታ ከ1974 ጀምሮ ይህን ታደርጋለች። እሁድና በዓል ቀን ከጠዋቱ 1 ሰዓት እስከ ከሰዓት በኋላ 8 ሰዓት ከ120 ኪሎ ሜትር በላይ መንገድ ለብስክሌትና ለእግረኛ ይለቀቃል። እንዲህ ያለ ቀን ከገጠመህ ስብሰባውንም ቢሆን ቅጣው (ቀልዴን ነው፣ ግማሹን)።

«ብስክሌት ከነዳሁ 20 ዓመት ሆኖኛል። ጓደኞቼ ለጉብኝት ስሜን አስመዝግበውኛል። ሰው ፊት ብወድቅስ? አሁኑኑ ልሰርዝ?» የፈራችው

አትሰርዢ። ሚዛን መጠበቅ አይረሳም፤ ሰውነት ያስታውሰዋል። የሚረሳው ሌላ ነው፦ ፍሬን፣ ዞር ብሎ ኋላ ማየትና በአንድ እጅ ይዞ ምልክት መስጠት። እነዚህን ከጉዞው በፊት ባዶ ሜዳ ላይ ግማሽ ሰዓት ብትለማመጃቸው ይበቃሻል።

ብስክሌቱ ሲሰጥሽ መጀመሪያ ኮርቻውን አስተካክዪ። ቁጭ ብለሽ ተረከዝሽን ፔዳሉ ላይ አድርጊና ወደ ታች ግፊው። እግርሽ ቀጥ ካለ ልክ ነው። ከዚያ በእግርሽ የፊተኛ ክፍል ስትረግጪው ጉልበትሽ ትንሽ እጥፍ ይላል፣ የሚፈለገውም ያ ነው። ብዙ ሰው ኮርቻውን ወደ ታች አውርዶ እንደ እንቁራሪት ጉልበቱን አጥፎ ይነዳና ማታ ጉልበቴን አመመኝ ይላል። አንቺ ግን ፍርሃት ስላለሽ ለመጀመሪያው ቀን የእግርሽ ጣቶች መሬት እስኪነኩ ዝቅ ብታደርጊው አልቃወምም። ጉልበት ከሚያርፍ ልብ ይረፍ።

ቀጥሎ ፍሬኑ። ይሄ ቀልድ የለውም። የፊቱን ጎማ የሚይዘው ፍሬን በየትኛው እጅ እንደሆነ ከአገር አገር ይለያያል። እንግሊዝ በቀኝ ነው፣ በአብዛኛው አውሮፓና በአሜሪካ በግራ ነው። ሆላንድ ውስጥ ደግሞ መሪው ላይ ምንም የፍሬን እጀታ የሌለው ብስክሌት ሊሰጥሽ ይችላል፤ ፔዳሉን ወደ ኋላ ስትረግጪ ነው የሚቆመው። እኔ መጀመሪያ ቀን ሳላስብ፣ እንደ ልማዴ ፔዳሉን ወደ ኋላ ላሽከረክር ስል ብስክሌቱ እዚያው ቀጥ አለ፤ ከኋላዬ የመጣችው ልጅ ለጥቂት ነው ያልገጨችኝ። ስለዚህ ሳትወጪበት፣ በእጅሽ እየገፋሽ አንዱን ፍሬን ያዢ፣ ከዚያ ሌላውን። የቱ ጎማ እንደቆመ እዪ። 10 ሴኮንድ አይፈጅም።

አሁን የመውደቄ ታሪክ። የከተማ ባቡር ሐዲድ ያለበት መንገድ ነበር፣ ዝናብ ጠብ ጠብ ይላል። አስጎብኚው ቀድሞ «ሐዲዱን ቀጥ ብላችሁ ተሻገሩት» ብሎ ነበር። እኔ አንዱን የሕንፃ ጣሪያ እያየሁ በሰያፍ ገባሁበት። የፊት ጎማዬ ሐዲዱ ስንጥቅ ውስጥ ተሰነቀረ፣ ብስክሌቱ ቆመ፣ እኔ ቀጠልኩ። ክርኔ ተላጠ፣ ከክርኔ በላይ ግን ሞራሌ ተላጠ። የብስክሌት ጎማ ቀጭን ስለሆነ ሐዲዱ ውስጥ ልክክ ብሎ ይገባል። ማምለጫው ሐዲዱን በተቻለ መጠን መስቀለኛ አድርጎ መቁረጥ ነው። ብረቱ ርጥብ ከሆነ እላዩ ላይ አትጠምዝዢ፣ ፍሬንም አትያዢ። ካስፈራሽ ውረጂና ግፊው፣ ማንም አይስቅብሽም። እኔ ላይ ግን ስቀዋል።

«ዕድሜዬ 63 ነው። ልጆቼ በኤሌክትሪክ የሚሠራውን ብስክሌት ያዝ ይሉኛል። ሞተር ካለው ምኑን ብስክሌት ሆነ?» አባት

ልጆችዎ ልክ ናቸው አባቴ። ይሄ እንደ ሞተር ብስክሌት በራሱ አይሄድም፤ እርስዎ ፔዳል ሲረግጡ ነው የሚያግዝዎ፣ ሲያቆሙ እሱም ያቆማል። በአውሮፓ ሕብረት አገሮች እንደ ተራ ብስክሌት የሚቆጠረው ሞተሩ ከ250 ዋት የማይበልጠው ነው፤ ፍጥነቱ በሰዓት 25 ኪሎ ሜትር ሲደርስም እገዛው ይቋረጣል። ከተማው ዳገት ካለው ሳያመነቱ ይያዙት። ሜዳ ከሆነ ግን ተራው ይበቃዎታል። ሁለት ነገር ብቻ ልብ ይበሉ። ባትሪው ስላለ ከተራው ይከብዳል፣ ደረጃ ላይ ላንሳው አይበሉ። ሲነሱ ደግሞ እገዛውን ዝቅተኛው ላይ ያድርጉት፤ አለዚያ ገና ሲረግጡት ወደ ፊት ፈትለክ ይላል።

«ባለፈው ጉብኝት ላይ ቀይ መብራት ያዘኝና ቡድኑ ጥሎኝ ሄደ። ስልኬ ባትሪ ጨርሷል። 40 ደቂቃ ብቻዬን ቆምኩ። ጥፋቱ የኔ ነው?» የተጣለው

አይደለም። እንዲያውም መብራቱን ጥሰህ አለመከተልህ ነው ትክክሉ። ብዙ ሰው የሚሳሳተው እዚህ ላይ ነው፤ የፊተኞቹ ሲሄዱ ያይና ቡድኑ አይቆረጥ ብሎ በቀይ ይገባል።

ጥሩ አስጎብኚ መስቀለኛውን ካለፈ በኋላ ዳር ይዞ ቆሞ ይቆጥራል። ቡድኑ በርከት ካለ መጨረሻ ላይ የሚነዳ ሁለተኛ ሰው ይመድባል፤ ያ ሰው መንገዱን ያውቃል፣ ከሱ በኋላ የሚቀር የለም። ያንተኛው ሁለቱንም አላደረገም። በሚቀጥለው ጊዜ ገና ሳትነሱ «ብንቆራረጥ ምን እናድርግ?» ብለህ ጠይቅ። ሊመልስልህ የሚገባው «ያለህበት ቁም፣ ተመልሼ እመጣለሁ» ነው። ከተንተባተበ የስልክ ቁጥሩን ወረቀት ላይ ጽፈህ ኪስህ ውስጥ ክተት። ወረቀት ባትሪ አይጨርስም።

አንተም ደግሞ የአገሩን ምልክት ተማር። ኮፐንሃገን ውስጥ ልትቆም ስትል እጅህን ከፍ ታደርጋለህ፤ ከኋላ ያለው እንዳይገጭህ። ወደ ግራ ለመታጠፍም መሃል መንገድ አትገባም። መስቀለኛውን ቀጥ ብለህ ተሻግረህ ጥጉ ላይ ትቆማለህ፣ ከዚያ በሁለተኛው መብራት ትታጠፋለህ። ይህን የማያውቅ ጎብኚ መሃል ላይ ሲደናበር ከሩቅ ይለያል።

«እየነዳሁ ቪዲዮ ብቀርጽ ችግር አለው?» ቲክቶከሯ

አለው። ሆላንድ ከሐምሌ 2019 (በፈረንጆቹ) ጀምሮ እየነዱ ስልክ በእጅ መያዝን ከልክላለች፣ ያስቀጣል። ሕጉን ተይው፤ አንድ እጅሽ ስልክ ላይ ከሆነ አንዱ ፍሬን ባዶ ነው። ሲቆም ቅረጪ።

ይቺው አንባቢ አስከትላ ሄልሜት ግዴታ ነው ወይ፣ ጸጉሬን ተሠርቼ ነው የምሄደው ትላለች። እንደ አገሩ ነው። አውስትራሊያና ኒውዚላንድ ለልጅም ለአዋቂም ግዴታ ነው። ሆላንድ ውስጥ ለተራ ብስክሌት ግዴታ አይደለም፣ አብዛኛው ሰውም አያደርግም። እኔ አደርጋለሁ፤ ከላይ ያለውን የሐዲድ ታሪክ አንብቢና ለምን እንደሆነ ይገባሻል። ጸጉርሽን ግን አናትሽ ላይ አትቋጥሪው፣ ወደ ማጅራትሽ ዝቅ አድርገሽ እሰሪው። አናት ላይ ጉብ ካለ ሄልሜቱ ወደ ኋላ ይንሸራተትና ግንባርሽ ባዶውን ይቀራል። በልኩ ሲቀመጥ ከቅንድብሽ እስከ ጠርዙ ያለው ክፍተት ሁለት ጣት ያህል ነው።