ኃላፊው ይታሰርልን ከማለታችሁ በፊት

ሰሞኑን አንዲት ጀማሪ ጠበቃ «ጋሼ፣ መሥሪያ ቤቱ ፍርዱን አልፈጽም ብሎ ወራት አለፉ፤ ኃላፊውን በችሎት መድፈር ማሳሰር እንችላለን?» አለችኝ። መልስ ሳልሰጣት አንድ የቀድሞ ደንበኛዬ ትዝ አሉኝ።

የመዝገብ ቤት ሠራተኛ ነበሩ። አንድ የመንግሥት መሥሪያ ቤት አባረራቸው፣ ከሰሱ፣ ረቱ። ወደ ሥራ ይመለሱ፣ ውዝፍ ደመወዛቸው ይከፈል ተባለ። መሥሪያ ቤቱ ፍርዱን እንዲፈጽም የአፈጻጸም መዝገብ ከፈትን። ከዚያማ ምክንያት መስማት ሆነ ሥራችን። መጀመሪያ «በጀት እያስፈቀድን ነው» አሉ፣ ቀጥለው «የሥራ መደቡ ታጥፏል»። ኃላፊው ራሳቸው ቀርበው ያስረዱ ሲባል ነገረ ፈጁን ይልካሉ። እሱም ምስኪን ነው፣ ዳኛው ይቆጡታል፣ አለቃው አይሰሙትም፣ ምን ያድርግ? በመጨረሻ ፖሊስ አስሮ ያቅርብ ተባለ። ፖሊስ ሲሄድ «መስክ ወጥተዋል»። ከመስክ ሲመለሱ ደግሞ ሌላ ቦታ ተሹመዋል! በእሳቸው ቦታ የተተኩት ቀርበው «ክቡር ፍርድ ቤት፣ ከተሾምኩ ወር አልሞላኝም፣ ትእዛዙንም አላየሁም» አሉ። እውነታቸውን ነበር። ይቅርታ ጠየቁ፣ ማስጠንቀቂያ ተሰጣቸው፣ ብዙም ሳይቆይ የመመለሻ ደብዳቤው ወጣ። ደንበኛዬ ግን በዚህ መሀል 60 ዓመት ሞልቷቸው ነበር። ለጡረተኛ «በሥራ ገበታዎ ላይ ይገኙ» የሚል ደብዳቤ! ውዝፉ ተከፍሏቸዋል፣ አልክድም። ሰውየው የፈለጉት ግን ሥራቸውን ነበር። እስከ ዛሬ ይቆጨኛል።

እናም ልጅቷን አትቸኩዪ አልኳት። የወንጀል ሕጉ አንቀጽ 449 ችሎት ለሚደፍር እስከ 1 ዓመት ቀላል እስራት ወይም እስከ 3000 ብር መቀጮ ይላል፤ በዋናነት የሚያየው ግን ችሎት ፊት የሚሳደበውንና የሚያውከውን ነው። ቢሮው ቁጭ ብሎ ነገሩን የሚያጓትተውን ሹም እዚያ ለማስገባት፣ ትእዛዙ እጁ መግባቱን ማሳየት ግድ ነው። «ለመሥሪያ ቤቱ» ተብሎ መዝገብ ቤት የተጣለ ትእዛዝ ማንንም አይዝም። በኃላፊው ስም ይጻፍ፣ የመጨረሻ ቀን ይቆረጥበት፣ ፈርመው ይቀበሉ። ሰው በተቀየረ ቁጥር ደግሞ በአዲሱ ስም አሳድሱት።

እንግሊዞች ሌላ መንገድ አላቸው። ከአገር ያስወጡት አንድ የዛየር (የዛሬዋ ዴሞክራቲክ ኮንጎ) ጥገኝነት ጠያቂ ወደ እንግሊዝ ይመለስ ብሎ ዳኛ አዝዞ የአገር ውስጥ ጉዳይ ሚኒስትሩ አላስመልስም አለ። እ.ኤ.አ. በ1993 ያኔ የመጨረሻው ፍርድ ቤታቸው የነበረው የጌቶች ምክር ቤት፣ ችሎት ተደፍሯል ሲል ወሰነ፣ ጥፋቱን የጻፈው ግን በሰውየው ስም ሳይሆን በሥልጣኑ ስም ነው። እኛ ጋ ቢሆን አዲሱ ሹም «አላየሁም» ማለቱ ምን ይጠቅመው ነበር?

የዛሬ ልጆች ደግሞ ባለሥልጣን በካቴና ሲሄድ ቀርጻችሁ ቲክቶክ ላይ መልቀቅ ትወዳላችሁ። ፍርዱ ተፈጸመ ወይ ብሎ የሚጠይቅ የለም። ግን አልዋሻችሁም፣ ያን የመጀመሪያውን ኃላፊ ሁለት ቀን አሳድሬያቸው ቢሆን እኔም ደስ ይለኝ ነበር።

ሌላው፣ አጭር ቀጠሮ ጠይቁ፣ በተለይ ሐምሌ ላይ። ነሐሴ ሲገባ ፍርድ ቤት ለዕረፍት ይዘጋል፤ ጥቅምት ላይ ስትመለሱ ሌላ ኃላፊ ሊጠብቃችሁ ይችላል።